የመዳቡ ሳፋ

እኔ ጸሐፊ ነኝ፤ ላባ ነው እርፌ፣
የሰው ቃል ዘርቼ ዝምታ ነው ትርፌ።
ከኔካር ወንዝ ዳር፣ ከችሎቱ ምድር ቤት፣
ሠላሳ ክረምት ሆነኝ ቀለም ስቀዳበት።
የወሰን ጠብ ጻፍሁ፣ የአሳማ ስርቆት፣
የመበለት ውርስ፣ የሰካራም ሙግት፤
እጄን ከብርድ በቀር ምንም አላራዳት።

ያን ማክሰኞ ያመጧት የዳቦ ጋጋሪው ገረድ ናት፤
ዋልቡርጋ ትባላለች። ከክርኗ ላይ ሊጥ ደርቆባት፣
ቀሚሷ ከደረቷ ርሶ።
ዝናብ አልነበረም።
ከመንገዱ ማዶ የማን እንደሆነ ያልታወቀ ልጅ አለቀሰ፤
ወተቷ ሰማውና ሳይጠሩት መጥቶ ፈሰሰ።
ዳኛው ጣቱን ቀሰረ፤ «ምስክር አንድ» አለኝ።
ወተት ብዬ ጻፍሁ፤
የሚፈርምበት ቦታ ግን አጣሁለት።

ሳልና እርግዝና አይሸሸግም ይባላል፤
እሷ ሸሸገችው።
በሰፊ ሽርጥ፣ በዱቄት ጆንያ፣
ሌሊት በስምንት ሰዓት ከምድጃው አፍ ቆማ፤
ጌታዋ «ወፈርሽ» ሲላት
«ዳቦህ ነዋ!» ትለው ነበር፣ እየሳቀች።
እየሳቀች የሚለውን ዳኛው አስደገመኝ፤
ሁለቴ ጻፍሁት።

«ጩኸት ነበር?»
«ምድጃው ይጮኽ ነበር።»
«የሕፃን ድምፅ ሰማሽ ወይ?»
«ቢኖር እሰማ ነበር። ወድቄ ነበር። እንጃ።»
«ሰው ለምን አልጠራሽም?»
«ማንን?»
ቆየችና፣ «መቀጮው ስምንት ጉልደን ነው፤ የዓመት ደመወዜ ስድስት።
እህቴን ነጭ አንሶላ አልብሰው ከቤተ ክርስቲያን ደጅ ሲያቆሟት
እጇን ይዣት ነበር» አለች።
የአባትየው ነገር አንድ ጊዜ ተነሣ፤
ጋጋሪው ከኋላ ወንበር ጉሮሮውን ጠረገ።
«ይለፍ» ተባለ። አሳለፍሁ።

ሕጉን በቃሌ አውቀዋለሁ፣ እንደ ዳዊት እደግመዋለሁ፦
ብቻዋን የወለደች፣ ጩኸቷን የዋጠች፣
ልጇ ሞቶ ቢገኝ እሷው ናት የገደለች።
በአያቴ ዘመን ፍርዱ ጆንያ ነበር፣
ጆንያና ወንዝ፤ ወይ ከነነፍሷ መቃብር።
ዛሬ ልብ ራርቷል፣ ዛሬ ሰይፍ ሆኗል፤
አንዴ ብቻ ያርፋል፤ ምሕረት ይሉታል።

ሐኪሙ ሊንሃርት ግን አዲስ ጥበብ አለኝ አለ፦
«የተነፈሰ ሳንባ ይንሳፈፋል፣
ያልተነፈሰ ይሰጥማል፤
ውሃ አይዋሽም።»
ከዳኛው ወጥ ቤት የመዳብ ሳፋ መጣ፣
ጠርዙ ላይ የጎመን ቅጠል እንደተለጠፈ፤
አንዱ በአውራ ጣቱ ጠረገው።
አጎነበስን። ስድስት ራስ በአንድ ሳፋ ላይ፤
የሁላችንም ፊት ውሃው ውስጥ ተንቀጠቀጠ።

አልሰጠመም።
አልተንሳፈፈም።
ከመሀል ቆመ፣ ግባም ውጣም እንዳላሉት እንግዳ፣
ትንሽ እየዞረ።

ሊንሃርት ከንፈሩን ነከሰ። ዳኛው መስኮቱን አየ፤ መሽቷል።
«ተንሳፈፈ በል» አለኝ።
ላባዬን ነከርሁ፤ ተንሳፈፈ አልሁ።
ጽሕፈቴ ያምር ነበር።

ሲወስዷት ከጠረጴዛዬ አጠገብ ቆመች፤
«ጨለማ ነበር» አለችኝ፣ «ወንድ ነበር ወይስ ሴት?»
አሥራ አራት ገጽ ገለጥሁ፤
ሕፃን ይላል፤ ሕፃን፣ ሕፃን፤ ከዚያ ሌላ የለበትም።
ቀና ስል በሩ ተዘግቷል።

ሳፋው ታጥቦ ወደ ቤቱ ተመለሰ።
እሑድ ዳኛው ጋበዘን፤ ጎመን ነበር ማዕዱ።
ስለ ወይን ዋጋ ተወራ፣ ብዙ ተሳቀ፤
እኔም በላሁ።
ጨው አንሶት ነበር፤
ጨው ጠየቅሁ።